የኤልዛቤት ቤኔትን ልብስ ማን አጠበው?

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ባለፈው እትማችሁ በኪነ ጥበብ አምድ ላይ የወጣው ጽሑፍ የእንግሊዛዊቷን ደራሲ የጄን ኦስተንን ልቦለዶች በንዑሳን ገጸ ባሕርያት ዐይን እንደ አዲስ የሚተርኩ መጻሕፍትን በጅምላ «በሰው ማሳ ላይ የበቀለ አረም» ብሎ ማለፉ ይህን ደብዳቤ እንድጽፍ ግድ ብሎኛል። ጸሐፊው ሐሳባቸውን ያቀረቡት በጨዋ አንደበት ነው፤ ለኦስተን ያላቸው ፍቅርም የእውነት እንደሆነ ከአጻጻፋቸው ያስታውቃል። ይሁን እንጂ ደካማውንም ጠንካራውንም ዳግም ትረካ አንድ ላይ ጨፍልቀው መኰነናቸው፣ በተለይም ኦስተን ራሷ ለቤት ሠራተኛና ለደሃ ዘመድ ደንታ እንዳልነበራት አድርገው መደምደማቸው አያስኬድም። በእኔ እምነት ታሪክን ከዳር ቆሞ ከሚያየው ሰው ጋር የማየቱን ሥራ የጀመረችው ራሷ ኦስተን ናት፤ ከእርሷ በኋላ የመጡትንም መመዘን የሚገባን «እንዴት ደፈሩ» እያልን ሳይሆን፣ እርሷ ገንዘብንና ጥገኝነትን ያየችበትን ጥርት ያለ ዐይን ይዘዋል ወይስ አልያዙም ብለን ነው።

ጉዳዩን በቅርብ ለማይከታተሉ አንባቢዎች ያህል፣ ሪጀንሲ የሚባለው ዘመን ንጉሥ ጆርጅ ሣልሳዊ በሕመም ምክንያት መግዛት ሲሳናቸው ልጃቸው በእንደራሴነት እንግሊዝን ያስተዳደሩበት፣ እ.ኤ.አ. ከ1811 እስከ 1820 ያለው ጊዜ ነው (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)። የኦስተን ስድስት ልቦለዶች በሙሉ የታተሙት በዚህ ዘመን ውስጥ ሲሆን፣ አራቱ በሕይወት ሳለች፣ ሁለቱ ደግሞ በ1817 በ41 ዓመቷ ካረፈች በኋላ ወጥተዋል። «ብሪጀርተን» የተባለውን የኔትፍሊክስ ተከታታይ ድራማ የተመለከተ ሰው የዘመኑን ቀሚስ፣ ሠረገላና ጭፈራ ያውቀዋል፤ በዚያ ድራማ ሳህኑን ማን እንዳጠበ ግን እምብዛም አይነገረውም።

አስቀድሜ ከጸሐፊው ጋር የምስማማበትን ልናገር። የ«ፕራይድ ኤንድ ፕሬጁዲስ»ን ታሪክ፣ ባለታሪኳን ኤልዛቤት ቤኔትን በመጨረሻ በሚያገባው በሀብታሙ በሚስተር ዳርሲ አንደበት የሚደግሙት በርካታ መጻሕፍት ለእኔም ብዙ ትርጉም የላቸውም። በዓመት 10,000 ፓውንድ የሚያስገባ ሰው የሚናገርለት አላጣም፤ ኦስተንም ቢሆን በልቦለዱ መካከል ረጅም ደብዳቤ አስጽፋ ራሱን በራሱ እንዲከላከል ዕድል ሰጥታዋለች። የኔ ክርክር ዕድሉን ስላላገኙት ነው።

ሣራን እንውሰድ። በ1813 በታተመው በዚሁ ልቦለድ መጨረሻ አካባቢ፣ የትልቋ እኅት የጄን ፈላጊ ሚስተር ቢንግሊ ከተጠበቀው ሰዓት ቀድሞ ሲመጣ፣ እናትየው ወይዘሮ ቤኔት ጸጉሯን አበጥራ ሳትጨርስ ወደ ልጆቿ ክፍል ሮጣ ትገባና ሠራተኛዋን ሣራን በስም ጠርታ፣ የሚስ ሊዚን ጸጉር ትተሽ ነይና ትልቋን ልጄን ቀሚስ አልብሺ ብላ ታዝዛታለች። ሣራ የምትባል ሴት በዚያ ቤት መኖሯን የምናውቀው በዚህች ቅጽበት ነው። የኤልዛቤትን ጸጉር ይዞ የነበረ እጅ ጀምሮት የነበረውን ትቶ ወደ ጄን ቀሚስ ይዞራል፤ ገጹም ይገለበጣል። ከዚያ በፊትም በቢንግሊ ቤት በኔዘርፊልድ ከሚደረገው ጭፈራ አስቀድሞ ዝናቡ አላባራ ሲል፣ ልጃገረዶቹ ከተማ መውረድ ስላልቻሉ የጫማቸውን ጌጥ አበባዎች ሳይቀር በሌላ ሰው እንዳስመጡ ኦስተን በአንድ ሐረግ ጠቅሳ ታልፋለች። ለባለ ቀሚሶቹ የማይወጡበት ዝናብ፣ ለተላከው ሰው የማይቀርበት ዝናብ ሆነ ማለት ነው።

ጆ ቤከር በ2013 ያሳተመችው፣ የቤኔቶችን ቤት ታሪክ በሠራተኞቻቸው ዐይን የሚተርከው «ሎንግቦርን» የተነሣው ከእንዲህ ዓይነቶቹ ሐረጎች ነው። ደራሲዋ በኦስተን ታሪክ ላይ አንድም ቀን አልቀየረችም፤ ላይኛው ፎቅ ላይ ግብዣው ሲቀርብ፣ ታችኛው ቤት ውስጥ ምግቡ ሲበስል ውሎ ነበር፤ ላይ ደወል ሲደወል ታች አንዲት ሴት የያዘችውን አስቀምጣ ትነሣለች። መጽሐፉ የሚጀምረው በልብስ ማጠቢያ ቀን ነው፤ ሣራ ገና ሳይነጋ ተነሥታ ውሃ ትቀዳለች፤ እጇን ብርድ አሳብጦታል። እዚህ ላይ የኦስተን አንባቢ ኤልዛቤት የታመመች እኅቷን ለመጠየቅ ሦስት ማይል፣ ወደ አምስት ኪሎ ሜትር ገደማ፣ በጭቃ የተጓዘችበትን ዝነኛ ምዕራፍ ያስታውሳል። የቢንግሊ እኅቶች የውስጥ ጉርዷ ስድስት ኢንች ያህል ጭቃ መንካቱን እያነሡ ያሟታል፤ እኛ ደግሞ በእነርሱ ተናድደን ከኤልዛቤት ጋር እንወግናለን፤ ዳርሲም መንገዱ ዐይኖቿን እንዳፈካቸው ይመሰክራል። ሁላችንም ስለ ጭቃው ስንከራከር ጭቃውን ማን አስለቀቀው ብለን አንጠይቅም። ቤከር ጠየቀች። ኤልዛቤት በዚህ አትጠላም፤ ነጻነቷ ግን የራሷን ልብስ ከማታጥብ ሰው የሚጠበቅ ነጻነት መሆኑ ይታየናል፤ ወደ ኦስተን መጽሐፍ ስንመለስም ይህ ግንዛቤ አብሮን ይገባል።

ከዚህ ይበልጥ የማደንቀው የሚስተር ኮሊንስ ጉዳይ ነው። በኦስተን ልቦለድ እርሱ የምንስቅበት ወሬኛ ቄስ ነው፤ የቤኔት ርስት ለወንድ ወራሽ ብቻ እንዲተላለፍ የታሰረ በመሆኑ አባትየው ሲሞቱ ቤቱ የእርሱ ይሆናል፤ ሴቶቹ ልጆችም ይህን እያወቁ ያፌዙበታል። በቤከር ወጥ ቤት ውስጥ ግን የቤቱ ኃላፊ ወይዘሮ ሂል እርሱን ለማስደሰት ትጨነቃለች፤ ነገ ጌታዋ የሚሆነው፣ አሮጊት ሠራተኛን ማስቀረትም ማባረርም የሚችለው እርሱ ነውና። ያው ሰው፣ ያው ግብዣ፣ ያው የቃላት ጋጋታ ነው፤ ሥራ ሊያጣ የሚችል ሰው ግን አይስቅም። ጸሐፊው «አዲስ ነገር የማይጨምሩ» ያሏቸው መጻሕፍት ውስጥ ይህን አንብበውት ይሆን ብዬ ጠርጥሬያለሁ፤ ይቅርታ ይደረግልኝ።

በነገራችን ላይ ይህ ለእኛ አንባቢዎች የሩቅ ነገር አይደለም። በቤይሩት፣ በሪያድ ወይም በዱባይ በሰው ቤት የሠራች ኢትዮጵያዊት «ሎንግቦርን»ን ብታነብ፣ ጌጥ አበባውን ከዝናብ ውስጥ ማን እንዳመጣው አስረጂ አያስፈልጋትም። የራሳችንን ቤት ሠራተኞችም አልዘነጋሁም፤ እርሱ ግን ሌላ ደብዳቤ ይፈልጋል።

አሁን ወደ ዋናው ነጥቤ ልመለስ። ጸሐፊው ኦስተን ዐይኗን ከባለታሪኳ ላይ ነቅላ አታውቅም ብለዋል። ታዲያ በ1815 መጨረሻ ለገበያ የወጣውን «ኤማ»ን ምን ሊያደርጉት ነው? በዚያ ልቦለድ ተራኪዋ ከሞላ ጎደል ሁልጊዜ ከሀብታሟ ኤማ ውድሃውስ ጋር ትቆማለች፤ ኤማ ደግሞ በመንደሩ ካሉት ሁሉ ያነሰ የምታይ ሴት ናት። እውነተኛው የፍቅር ታሪክ የሚካሄደው ከእርሷ ጀርባ ነው፤ ወላጅ አልባዋ ጄን ፌርፋክስ እና ፍራንክ ቸርችል በምስጢር ተጫጭተዋል፤ ኤማ ግን ሰውየው እኔን ነው የሚፈልገው ብላ ታስባለች። አንድ ቀን ጄን ፌርፋክስ ገና በማለዳ በዝናብ ውስጥ ወደ ፖስታ ቤት ስትሄድ መታየቷ በእራት ሰዓት መነጋገሪያ ይሆናል፤ ይበርድሻል፣ በሠራተኛ እናስመጣልሽ እያሉ ያጨናንቋታል፤ እርሷ ግን በትሕትና እምቢ ትላለች። ልቦለዱን ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያነብ ሰው ይህን የአንዲት ድሃ ልጃገረድ ግትርነት አድርጎ ያልፈዋል። በሁለተኛው ንባብ ነገሩ ሁሉ ሌላ ይሆናል፦ ደብዳቤው የእጮኛዋ ነው፣ በሌላ ሰው እጅ እንዲገባ መፍቀድ አትችልም፣ በእያንዳንዱ ጨዋ ግብዣ ፊት ነገሩ እንዳይታወቅባት ትፈራለች። ያን ጊዜ አንባቢው «ኤማ»ን በጄን ፌርፋክስ ዐይን በልቡ እየተረከው ነው፤ ይህን እንዲያደርግ ያስገደደችውም ኦስተን ናት።

ጄን የሚጠብቃት ዕጣ፣ ጋብቻው ካልተሳካ፣ በሀብታም ቤት የልጆች አስተማሪ ሆኖ መቀጠር ነው። ለዚህ ሥራ የሚያገናኙ ቢሮዎችን ስትጠቅስም የሰው ሥጋ ባይሆን የሰው አእምሮ የሚሸጥባቸው ናቸው ትላለች። የመንደሩ ቄስ ሚስት ወይዘሮ ኤልተን ስለ ባሪያ ንግድ መስሏት ትደነግጣለች፤ ጄን ግን የአስተማሪነቱን ንግድ ማለቷ መሆኑን ገልጻ፣ የሻጮቹ ኃጢአት ይለያይ እንደሆነ እንጂ የተሸጡት ሰዎች መከራ ከየትኛው እንደሚብስ አላውቅም ስትል ትመልሳለች። ይህን ያለችው ዋና ገጸ ባሕርይ አይደለችም። ደግሞም የልቦለዱ ትልቁ የሥነ ምግባር ፈተና የሚመጣው በሚስ ቤትስ በኩል ነው፤ ኤማ በቦክስ ሂል ሽርሽር ላይ ይህችን ለፍላፊ ወይዘሪት በሰው ፊት ስትዘልፋት የቤተሰቡ የቅርብ ወዳጅ ሚስተር ናይትሊ የሚቆጣበት ምክንያት ሴትየዋ ድሃ መሆኗ፣ ከተወለደችበት ምቾት መውረዷና ዕድሜዋ ሲገፋ ገና የምትወርድ መሆኗ ነው። ሀብታም ብትሆን ኖሮ ቀልዱን ባልተጣላሁበት ነበር እስከማለት ይደርሳል። ንዑስ ገጸ ባሕርይ ማለት ለኦስተን ማድመቂያ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህ ተግሣጽ አይጻፍም ነበር።

ሌላም አለ። በ«ፕራይድ ኤንድ ፕሬጁዲስ» የኤልዛቤት ጓደኛ የሻርሎት ሉካስ ዕድሜ 27 ነው፤ መልክም ገንዘብም ስለሌላት፣ ኤልዛቤት እምቢ ያለችውን ሚስተር ኮሊንስን ከቀናት በኋላ ተቀብላ ታገባለች። እኔ የፍቅር ሰው አይደለሁም፣ የምፈልገው የተመቸ ቤት ብቻ ነው ትላለች ለኤልዛቤት። እናቷ የዚያኑ ቀን ሚስተር ቤኔት ስንት ዓመት ይኖር እንደሆነ ማስላት ትጀምራለች፤ ወንድሞቿም እኅታችን ሳታገባ ቀርታ ሸክም ትሆንብናለች ከሚለው ስጋት ይገላገላሉ። ጥቂት ዓመታት ቆይታ ኦስተን «ፐርስዌዥን»ን ስትጽፍ ሌላ የ27 ዓመት ሴት አመጣች፤ አን ኤሊየት በራሷ ቤተሰብ ውስጥ ንዑስ ገጸ ባሕርይ ናት፤ ቃሏ ክብደት የለውም፤ «አን ናት እኮ» ተብላ የምትታለፍ ናት። ይህችን ነው ደራሲዋ መካከል ላይ ያስቀመጠቻት። ኦስተን በዚህ የገዛ ሥራዋን ከጥግ ወደ መሐል እየተረከች ነበር ብል ያጋነንሁ አይመስለኝም።

እንግዲህ ዳግም ትረካ የሚወድቅበትን ቦታም ማሳየት አለብኝ፤ ጸሐፊው ያዘኑበት ነገር በከፊል እዚህ ነውና። ሜሪ ቤኔት ከአምስቱ እኅትማማቾች መካከል መልከ ጥፉዋ፣ መጽሐፍ የምታነብና ፒያኖ የምትወድ፣ ግን ስጦታውም ማስተዋሉም የጎደላት ልጅ ናት። በኔዘርፊልዱ ጭፈራ ላይ ከመጠን በላይ ስትዘፍን አባቷ በሰው ፊት፣ በቃ፣ ረዘም ላለ ጊዜ አስደስተሽናል፣ ሌሎቹም ልጃገረዶች ይታዩ ብሎ ያስቆማታል። የኦስተን የወንድም ልጅ በ1870 ባሳተመው የሕይወት ታሪኳ ውስጥ እንደጻፈው፣ አክስቱ ለቤተሰቡ ልጆች ስለ ገጸ ባሕርያቷ ቀሪ ሕይወት ታወራላቸው ነበር፤ ሌላዋ እኅት ኪቲ በዳርሲ ርስት በፔምበርሊ አቅራቢያ ላለ ቄስ ተዳረች፤ ሜሪ ግን ከአጎቷ የሕግ ቢሮ ጸሐፊዎች የአንዱ ሚስት ከመሆን አላለፈችም፤ በትንሿ ከተማ ኅብረተሰብ ዘንድ እንደ ኮከብ መታየቷም በቂዋ ሆነ። ፌዝ አለበት፣ ጭካኔም አያጣውም፤ ሆኖም ይህ ፍርድ የሜሪን አቅምና የቤቷን ገንዘብ ያገናዘበ ነው።

ጃኒስ ሃድሎ በ2020 ያሳተመችው «ዚ አዘር ቤኔት ሲስተር» ይህችን ሜሪን ባለታሪክ አድርጓታል። የመጀመሪያው ክፍል የተዋጣለት ነው፤ ሜሪ ማየት እየቸገራት መነጽር ማድረጓ ለእናቷ እንደ ውርደት መቆጠሩ፣ መነጽሩን ከሚሠራላት ወጣት ጋር በመጨፈሯም መዘዝ መምጣቱ፣ አንዲት ልጅ በገዛ ቤቷ እንዴት እንደምትኮማተር ከአንድ ዕቃ ተነሥቶ ያሳያል። ወደ ኋላ ግን ሜሪ ለንደን ትሄዳለች፣ ሁለት ወንዶች ይፈልጓታል፣ በሰሜን እንግሊዝ ወዳለው ወደ ሐይቆቹ አገርም ሽርሽር ይወጣል፤ ችላ የተባለችው ልጅ በመጨረሻ ሌላ ኤልዛቤት ሆና ታርፈዋለች። ብዙ አንባቢ በዚህ ደስ እንዳለው አውቃለሁ፣ እኔንም ደስ ያሰኘኝ ገጽ አለ። ነገር ግን ጥግ ላይ የቆመችውን ሴት ወደ መሐል ስናመጣት መካሻዋ ያው ሙሽራ ከሆነ፣ በዚያ ዘመን ሙሽራ ስላልመጣላቸው ሴቶች የተነገረ ነገር የለም።

ሻርሎትን በተመለከተ ደግሞ በስሟ ልቦለድ መጻፉ ለእኔ ብዙም የሚያስፈልግ አልነበረም። ኤልዛቤት ልትጠይቃት በሄደች ጊዜ፣ ሻርሎት ዘወትር የምትቀመጠው በጓሮ በኩል ባለው ክፍል መሆኑ ይገርማታል፤ ሰፋ ያለውና ደስ የሚለው ሌላኛው ነበርና። በኋላ ግን ምክንያቱ ይገባታል፦ ሻርሎት የተሻለ ክፍል ብትመርጥ ባሏ ከራሱ ክፍል እየወጣ ከእርሷ ጋር መቀመጥ ያበዛ ነበር። አትክልት ቦታውንም እንዲኮተኩት ታበረታታዋለች፤ ለጤናው ጥሩ ነው ትላለች፣ ፊቷም ላይ ምንም አይነበብም። አንድን ጋብቻ በክፍል ምርጫ እንዲህ ከተረከች ደራሲ በላይ ልጻፍ የሚል ሰው ድፍረቱን አደንቃለሁ።

በመጨረሻ ስለ ስኳር ገንዘብ። ጽሑፉ ቤከር የቢንግሊን ሀብት ከስኳር እርሻ ጋር ማያያዟን፣ ከዚያም የመጣ ፕቶለሚ የሚባል ክልስ አሽከር በታሪኩ ውስጥ ማስገባቷን «የዛሬን ጭቅጭቅ ወደ ኋላ መላክ» ብሎታል። ኦስተን የምትለው የቢንግሊ ቤተሰብ ሀብቱን በንግድ አገኘ ነው፤ የምን ንግድ እንደሆነ አትነግረንም፤ ስለዚህ ስኳሩ የቤከር ፈጠራ ነው፣ እዚህ ላይ ጸሐፊው ትክክል ናቸው። ጭቅጭቁ የዛሬ ነው መባሉ ግን አይደለም። ብሪታንያ የባሪያ ንግድን የከለከለችው በ1807 ነው፤ በ1814 በታተመው «ማንስፊልድ ፓርክ» ጌታው ሰር ቶማስ በካሪቢያኗ አንቲጓ ርስት አለው፤ ከዚያ ሲመለስ በቤቱ በጥገኝነት ያደገችው ፋኒ ፕራይስ ስለ ባሪያ ንግድ ትጠይቀዋለች፤ የአጎቶቿ ልጆች ግን ጭጭ ይላሉ። የሥነ ጽሑፍ ሐያሲው ኤድዋርድ ሰይድ በ1993 ባሳተመው ጥናት ይህን አንቲጓ ለሰፊ ክርክር አብቅቶታል፤ ጥያቄውን ለደሃዋ ዘመድ የሰጠቻት ግን ከእርሱ 179 ዓመት ቀድማ ኦስተን ናት። በ1817 ታምማ ሳለች ጀምራው በማርች ወር ባቋረጠችው «ሳንዲተን» ውስጥ ደግሞ ሚስ ላም የምትባል፣ ከካሪቢያን የመጣች የ17 ዓመት ክልስ ልጃገረድ አለች፤ ብርድ የማይስማማት፣ የራሷ ደንገጡር ያላት፣ ከሁሉም በላይ ሀብታም፤ በማረፊያው ቤት ምርጡ ክፍል ለእርሷ ነው የተያዘው። የእጅ ጽሑፉ ሲቆም ሚስ ላም ገና አንድ ቃል አልተናገረችም። ኦስተን ምን ልታናግራት እንደነበር መገመት የደራሲዎች ፈንታ ነው፤ ይህን ሥራ አረም ማለት ግን የሚያስኬድ አይመስለኝም።

ጸሐፊው ፈቃደኛ ከሆኑ «ሎንግቦርን»ን እንደገና እንዲያነቡት፣ በተለይም ሚስተር ኮሊንስ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚመጣበትን ክፍል ከኦስተኑ ጋር ጎን ለጎን አስቀምጠው እንዲያመዛዝኑት በአክብሮት እጠይቃለሁ። ከዚያ በኋላም አቋማቸው ካልተለወጠ ምክንያታቸውን በዚሁ አምድ ቢያስነብቡን ደስ ይለኛል።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ መምህር
ከባሕር ዳር